ከመሪው አጠገብ ያለው መቀመጫ

ኤላዲዮ ትኩሱን አጓ ዱልሴ ከኩባያው ጎን ጠረጴዛው ላይ ቀዳው። ጥቁር የሸንኮራ ስኳር የተበጠበጠበት ውሃ በአበባማው የፕላስቲክ ጠረጴዛ ልብስ ላይ ተንጣልሎ ወደ ዳር ሲወርድ እሱ መቅዳቱን አላቋረጠም። ሚስቱ ፍሎሪ ከምድጃው ግማሽ ዞር ብላ እጇን ዘረጋችና ኩባያውን ከሚወርደው ውሃ ሥር አስገባችው፤ በሌላው እጇ ጨርቅ አነሳችና ጠረጴዛውን ጠረገች። ከዚያ ወደ እንቁላሏ ተመለሰች።  ልጃቸው ዬንድሪ ቦርሳዋን እንዳንጠለጠለች በሩ ላይ ቆማ ይህን አየች። ያስደነገጣት የፈሰሰው ውሃ አልነበረም፤ የእናቷ እጅ ነበር። የሚንጠባጠብ ቧንቧ እንደሚያጠብቅ ሰው፣ ነገሩን ብዙ ጊዜ እንደሠራው ሰው ነበር የተንቀሳቀሰው።

ዬንድሪ ከሳን ሆሴ የመጣችው ሰፈርተኞቿን ይዛ ነው። ከአማቷ ከዶኛ ሶራይዳ ጋር ሆነው በወር አንድ እሁድ የሰፈራቸውን የሃቲዮን ሰው በትንሽ አውቶቡስ ሽርሽር ያወጣሉ፤ አንዴ ወደ ፍል ውሃ፣ አንዴ ወደ እሳተ ገሞራ፣ አንዴ ለመሳለም ወደ ባዚሊካው። የዛሬው ሁለት በአንድ ነው፦ ጠዋት ዓሣ ነባሪ ማየት፣ ከሰዓት በጎማ ጀልባ ወንዝ መውረድ፣ ማታ ቤት። አርባ ስምንት ሺህ ኮሎን ከነምሳው። ዶኛ ሶራይዳ ዋጋውን ያወረደችው የባሕሩ ካፒቴን የዬንድሪ አባት፣ የወንዙ አስጎብኚ ወንድሟ፣ ምሳ አብሳይዋ ደግሞ እናቷ በመሆናቸው ነበር። ሰዉ አሁን መንገድ ዳር ካለችው ምግብ ቤት ተቀምጦ ሩዝ በባቄላውን እየበላ፣ በባሕር ዳርቻ እንቁላል ለምን ከከተማ እንደሚወደድ ይከራከራል። እሷ ወላጆቿን ሰላም ልትል ቀድማ መጥታለች።

“ስንት ሰው አመጣሽ?” አለ አባቷ፣ ከትከሻዋ በላይ ያለውን የግድግዳ ቀን መቁጠሪያ እያየ። ካገባችና ከተማ ከቀረች ወዲህ፣ በተለይ ዘንድሮ፣ እንዲህ ነው የሚያነጋግራት፤ ፊቷን አያይም። ተቀይሞኛል ብላ ካመነች ቆይታለች። ባሏ ሮናልድ እንኳ አንድ ጊዜ “ያንቺ አባት ከኔ ይልቅ በሩን ማየት ይወዳል” ብሎ ቀልዶ ነበር።

“አሥራ ስምንት፤ እኔን ጨምሮ።”

ፍሎሪ ጨርቁን መጭመቅ አቆመች። “አሥራ ሰባት ነው የምንጭነው።”

“እማዬ፣ ፈቃዱ አሥራ ስምንት ነው። የመንሳፈፊያ ሰደርያውም አሥራ ስምንት ነው።”

“አሥራ ስምንተኛዋ እኔ ነኝ።”

ኤላዲዮ ኩባያውን በሁለት እጁ አንስቶ ጠጣ። ዬንድሪ የእናቷን ወንበር ረስታው ነበር። እናቷ የባሕር ሽታ ራሷን የሚያሳምማት፣ ዕድሜዋን ሙሉ ከአሸዋው አልፋ የማታውቅ ሴት ናት፤ ከዓመት ወዲህ ግን በየቀኑ ከባሏ ጋር ትወጣለች። የሰፈሩ ሰው “ጫጉላቸው ዘግይቶ ደረሰ” እያለ ይስቅባቸዋል። ዬንድሪም ከተማ ሆና ይህን በስልክ ስትሰማ ደስ ብሏት ነበር። ለሽርሽሩ ቦታ ስትሸጥ ግን እናቷን እንደ ተሳፋሪ መቁጠር አልታሰባትም፤ የመጨረሻውን ቦታ ለጡረተኛው የአውቶቡስ ሹፌር ለዶን ቢክቶር ሸጠችው።

አሸዋው ላይ ትራክተሩ ጀልባዋን በተሳቢ አድርጎ ወደ ውሃው እየገፋ ነው። የመስከረም ጠዋት ነው፤ ሰማዩ ጠርቷል፣ ዝናቡ ከሰዓት እንደሚመጣ ሁሉም ያውቃል። ዶኛ ሶራይዳ የገለባ ባርኔጣዋን በአንድ እጇ ይዛ በሌላው ሰዉን ታሰልፋለች። “ዶን ቢክቶር፣ ሰደርያውን ገልብጠው ነው የለበሱት! አውቶቡስም እንዲህ ነበር የሚነዱት?” ሰዉ ይስቃል፣ ፎቶ ይነሳል። ዬንድሪ እናቷን ወደ ጎን ሳበቻት። “አንቺ ጀልባዋ ላይ ውጪ። እኔ ምሳውን አያለሁ።”

 ፍሎሪ ብርቱካናማውን ሰደርያ ልጇን አለበሰችና ልክ ለትምህርት ቤት እንደምታዘጋጃት ማሰሪያዎቹን ከታች ወደ ላይ አንድ በአንድ አጠበቀች። “ዛሬ አንቺ ትቀመጫለሽ” አለች። “ከመሪው አጠገብ፣ በግራው በኩል። ፊት ለፊት ድንጋይ ወይ ግንድ ወይ ጀልባ ካየሽ፣ ወደ ግራ እንዲዞር ግራ ጉልበቱን፣ ወደ ቀኝ እንዲዞር ቀኙን ትጫኚዋለሽ። እንዲቆም ከሆነ ጀርባውን። አትጩሂ፤ ሰው ይሰማል።”

“አያይም?”

“ያያል። መሃሉን ነው የማያየው። ዳር ዳሩን ያያል።”

“እማዬ፣ ይሄን ሁሉ ሰው አሳፍሮ!”

“ዓመት ሙሉ አሳፈረ። እኔም ዓመት ሙሉ አብሬው ተቀመጥኩ” አለች ፍሎሪ፤ የመጨረሻውን ማሰሪያ ሳበችና እጇን ከልጇ ደረት ላይ አነሳች። ዬንድሪ ሞተሩ ተበላሽቷል ልትል አሰበች። ባሕሩ ከፍቷል ልትል አሰበች፤ ባሕሩ ግን እንደ ሳህን ተዘርግቶ ይታያል። ዶኛ ሶራይዳ ፊተኛው ወንበር ላይ ተደላድላ “ነይ እንጂ! ዓሣ ነባሪዎቹ ቀጠሮ አላቸው!” ብላ ጮኸች። ዬንድሪ ጀልባዋ ላይ ወጣች።

ኤላዲዮ መሪውን እንደያዘ ወንበሩ ሲነቃነቅ ተሰማው። “ፍሎሪ?”

“እኔ ነኝ፣ አባዬ።”

 እንድትወርድ ሊያዛት ይችል ነበር፤ እሷም ይህን ጠብቃ ነበር። እሱ ግን ጉልበቱን ወደ እሷ ጠጋ አደረገና ሞተሩን አስነሳ።

በሁለቱ ቋጥኞች መሃል ሲያልፉ መጀመሪያ ግራውን፣ ቀጥሎ ቀኙን ተጫነች። ከእርጥቡ ሱሪ ሥር አጥንቱ ተሰማት። ከሠርጓ ቀን ወዲህ አባቷን እንዲህ ነክታው አታውቅም። እሱ የሚታዘዘው ወዲያው ነበር፤ ጣቷ ገና ሳይጠነክር መሪው ይዞራል። ከቋጥኞቹ ሲወጡ ሬዲዮው ተንኮሻኮሸ፤ ቀድሞ ከወጣ ካፒቴን ነበር። “ዶን ኤላዲዮ! ተነሥተዋል ወይስ ዶኛ ፍሎሪ ገና ቁርስ እያጎረሱዎት ነው?” ተሳፋሪው ሳቀ። ድምፁ ቀጠለ፦ “ማዕበሉን በቀኝ ጉንጭዎ አድርገው ይምጡ። ነፋሱ ማጅራትዎን ሲነካ ያቀዝቅዙ። ዓሣ ነባሪዋ ከነግልገሏ ናት።” ጥቂት ቆይቶ ያው ድምፅ ሌላ ካፒቴን ጠራ፦ “ቼማ፣ ከደሴቷ በስተምዕራብ ሁለት ማይል።” ቼማ የተባለው እሺ አለ። ዬንድሪ ሬዲዮውን ትኩር ብላ አየችው። ለቼማ በማይል ነገሩት፤ ለአባቷ በጉንጭና በማጅራት። ቀልዱም ነገሩን ለመሸፈን የተደረበ ነው። የባሕረ ሰላጤው ካፒቴን ሁሉ ያውቃል ማለት ነው። ወንድሟም ያውቃል። የማታውቀው እሷ ብቻ ነበረች።

ዓሣ ነባሪዋ ስትተነፍስ የትልቅ ድስት ክዳን ድንገት እንደተነሣ ዓይነት ድምፅ ወጣ፤ ቀጥሎ የዓሣ ሽታ ያለው እርጥበት ፊታቸው ላይ አረፈ። ጀርባዋ ከውሃው ወጣና ሳያልቅ ለረጅም ጊዜ አለፈ። ኤላዲዮ ሞተሩን አቀዝቅዞ ከሩቅ በዝግታ ተከተላት። ዶኛ ሶራይዳ የጀልባዋን ጠርዝ ይዛ እያስታወከች “አየኋት! በስመ አብ፣ አየኋት!” ትላለች፤ እንደገና ታስታውካለች። ከዚያ ግልገሉ በጎኑ ተገላብጦ ነጭ ክንፉን አነሣና ውሃውን መታ፤ አንዴ፣ ሁለቴ፤ እናቱ ከሥሩ ሆና ወደ ላይ ገፋችው። ሰዉ ሁሉ በአንድ ጎን ተነሣ። ዬንድሪም ተነሣች። እዚህ አድጋለች፣ ዓሣ ነባሪ አዲሷ አይደለም፤ ቢሆንም እንዲህ ቅርብ አይታ አታውቅም፤ እጇ ከአባቷ ጉልበት ላይ መቼ እንደተነሣ አላስተዋለችም።

ዘወር ስትል ከፊታቸው አንዲት ትንሽ የዓሣ አጥማጅ ጀልባ ቆማለች። በውስጧ ሁለት ሰዎች ጎንበስ ብለው ገመድ ይስባሉ፤ ጀርባቸውን ሰጥተዋል። የአንደኛው ሸሚዝ ክርኑ ላይ መቀደዱ ሳይቀር ታየኝ የሚያሰኝ ቅርበት ነበር። ዬንድሪ የአባቷን ጀርባ በጡጫ መታችው፤ ወዲያው ግራ ጉልበቱን በሙሉ ክብደቷ ተጫነችው። ኤላዲዮ ሞተሩን ወደ ኋላ እንዲስብ አደረገና መሪውን አዞረ። ጀልባዋ ጎኗን ሰጥታ ተንሸራተተች፤ ከሰዎቹ በክንድ ያህል ርቀት አለፈች። ከሁለቱ ዓሣ አጥማጆች ሽማግሌው ገመዱን ጥሎ ቀና አለ። “አንተ ሰውዬ! ዓይንህን ቤት ትተህ ነው የመጣኸው?”

ተሳፋሪው አጨበጨበ። “እንዲህ ያለ እጅ!” አለ ዶን ቢክቶር፣ ከልቡ አድንቆ። “ሠላሳ ዓመት ነድቻለሁ፤ እንዲህ መታጠፍ ግን አይቼ አላውቅም።”

ኤላዲዮ አልዞረም። ሬዲዮው፣ ሞተሩ፣ የሰዉ ሳቅ በአንድነት እየተሰማ፣ ለእሷ ብቻ በሚሰማ ድምፅ “የት ነበርሽ?” አላት።

“ዓሣ ነባሪዋን እያየሁ።”

“እናትሽ አንድም ቀን አይታት አታውቅም” አለ።

 ወደ ዳርቻው እስኪቃረቡ የዬንድሪ እጅ ጉልበቱ ላይ ነበር፤ ዓይኗ ውሃው ላይ፤ ከኋላዋ ሰዉ “ጅራቷን! ጅራቷን!” ብሎ ሲጮህ አልዞረችም። አንገቷ ደነዘዘ። ቋጥኞቹ መታየት ሲጀምሩ ጠየቀችው፦ “ፊቴን ማየት የተውከው ለዚህ ነው?”

“ፊት ለፊት ሳይሽ ትጠፊያለሽ” አለ። “ጎንሽን ሳይ ትመጪያለሽ። ምን ላድርግ።”

ምሳው ከቤቱ ጓሮ በተዘረጋ ሸራ ሥር ነበር፦ ሩዝ፣ ባቄላ፣ የተጠበሰ ሙዝ፣ ዓሣ። ፍሎሪ ሳህን እያቀበለች የልጇን ፊት አንድ ጊዜ አየችና ማንኪያዋን አስቀመጠች። ወጥ ቤት ገቡ። “ልትጋጩ ነበር?” አለች። “ክንድ ያህል ቀርቶን” አለች ዬንድሪ። ፍሎሪ በርጩማ ላይ ተቀመጠች። ጉልበቷ ላይ የዓሣ ቅርፊት ተጣብቆ ነበር፤ አንድ በአንድ ታነሳው ጀመር።

“ለምን አልነገርሽኝም?”

“ብነግርሽ ሐኪም ይዘሽ ትመጪ ነበር። ሐኪሙን አይተነዋል። ይሄ የሚቀደድም የሚሰፋም አይደለም ብሎናል። አባትሽን ደግሞ አንቺ ብትጨቀጭቂው እኔን ትቶ ብቻውን ይወጣ ነበር። ጀልባዋ ያልወጣች ቀን ከአልጋ አይነሣም፣ ዬንድሪ። ግድግዳውን እያየ ይውላል። ግድግዳው ደግሞ አይታየው።” ቅርፊቶቹን በመዳፏ ሰብስባ ወደ ቆሻሻው ጣለች። “ደክሞኛል። ሌት እንኳ በእንቅልፌ ጉልበቱን እጫነዋለሁ። አንድ ሰው ሌላ እንዲያውቀው ፈለግሁ። ክፋት ነው?”

ዬንድሪ ክፋት ነው ልትል ነበር። አሥራ ሰባቱን ሰው በመስኮቱ አየቻቸው፤ ዶን ቢክቶር ሙዙን በሹካ ይዞ በአየር ላይ ጀልባዋ እንዴት እንደታጠፈች ያሳያል። የእናቷን ሽርጥ ከኋላ ፈታችላት።

ወንዙ ጋ ሲደርሱ ዶኛ ሶራይዳ ከአውቶቡስ አልወርድም አለች። “ዛሬ የበላሁትን ሁሉ ለባሕር ሰጥቻለሁ፤ ለወንዝ የተረፈኝ የለም።” አብራት የመጣችው እህቷም እሷን ላስታምም ብላ ቀረች። ሁለት ቦታ ተከፈተ። ዬንድሪ ወላጆቻቸውን በፒካፕ አሳፍሮ ከኋላ ወደመጣው ወንድሟ ወደ ግሬይቪን ሄዳ “አባዬንና እማዬን ጫናቸው” አለችው። እሱ የጎማውን ጀልባ እየነፋ ቀና ብሎ አያት። እንዳወቀች ገባው፤ ዓይኑን ወደ ፓምፑ መለሰ።

“እኔ?” አለ ኤላዲዮ። “ወንዝ የልጆች መጫወቻ ነው።”

“ተዪው፣ ጨው የሌለው ውሃ ይፈራል” አለ ግሬይቪን።

“እኔ ነኝ የምፈራ? አንተን ዋና ያስተማረህ ማን ሆነና ነው፣ አንተ የኩሬ እንቁራሪት!”

“እንግዲያው ሄልሜቱን ያድርጉ፣ ካፒቴን። እዚህ ጀልባ ላይ ግን አዛዡ እኔ ነኝ።”

አባቱን ከፊት በቀኝ፣ እናቱን ከጎኑ በግራ አስቀመጣቸው፤ ዬንድሪና ዶን ቢክቶር ከኋላቸው ሆኑ። የቀሩት በሌሎቹ ጀልባዎች ተከተሉ። ግሬይቪን ከመጨረሻው ከፍ ብሎ ተቀምጦ ሕጉን ተናገረ፦ ድንጋዩን የማየው እኔ ነኝ፤ የእናንተ ሥራ መስማት ነው፤ ፊት ስል ፊት፣ ኋላ ስል ኋላ፣ ታች ስል ወለሉ ላይ። ማንም እንዳይመክረኝ። ቋጥኝ ላይ አረፋ የሚደፍቀው የመጀመሪያው ነጭ ውሃ በሩቅ ሲጮህ ፍሎሪ መቅዘፊያዋን በአንድ እጇ ይዛ ሌላውን የባሏ ጉልበት ላይ አሳረፈች።

“እማዬ! ሁለቱም እጅ መቅዘፊያው ላይ!”

“ድንጋይ አለ እኮ!”

“ድንጋዩ የኔ ነው! እጅሽን!”

ፍሎሪ እጇን አነሣች። የት እንደምታደርገው ለአፍታ የጠፋባት መሰለ፤ ከዚያ መቅዘፊያውን ጨበጠች። “ፊት! ፊት! ቀኝ ኋላ!” ኤላዲዮ ኋላ ሲባል ኋላ ቀዘፈ፤ ከሌሎቹ ቀድሞ፣ ድምፁ ገና ሳያልቅ። ጀልባዋ በሁለት ቋጥኝ መሃል አፍንጫዋን አስገብታ ወረደች፣ ታጠፈች፣ ውሃው ከላይ ተደፋባቸው። “ታች!” ሁሉም ወለሉ ላይ ተከመሩ። ሲነሡ ፍሎሪ ውሃ እየተፋች ትስቅ ነበር። ዬንድሪ እናቷን እንዲህ ስትስቅ መስማቷን አታስታውስም፤ ድምፅ ማውጣት እንደሌለባት የረሳች ሰው ሳቅ ነበር። ቀጣዩ ነጭ ውሃ ላይ ሳቁ ወደ ጩኸት ተለወጠ፤ “እንደገና! ግሬይቪን፣ እንደገና መልሰን!” “ወንዝ ወደ ኋላ አይሄድም፣ እማዬ።” “እንግዲያው ቀጥል!”

ዝናቡ የጀመረው ውሃው ረግቶ ወደሚሰፋበት ሲደርሱ ነበር። ግሬይቪን ቅዘፋውን አስቆመ። ፍሎሪ ሄልሜቷን ወደ ኋላ ገፍታ አንገቷን አቅንታ የዛፎቹን ጫፍ፣ ከወንዙ በላይ የሚያልፉትን በቀቀኖች፣ የዝናቡን ጠብታ በውሃው ላይ ታይ ነበር፤ ሲላት ወደዚህ፣ ሲላት ወደዚያ። ማንም ምንም አልጠየቃትም። ኤላዲዮ ጆሮውን ወደ እሷ አዙሮ ቆየ። ፊቱ ላይ ውሃ ይወርዳል፤ አልጠረገውም። “ዓመት ሙሉ” አለ፣ ለማን እንደሆነ ሳይታወቅ። 

መውጫው ጋ አውቶቡሱ ሞተሩን አስነሥቶ ይጠብቃል። ዶኛ ሶራይዳ በፎጣ ተጠቅልላ፣ ፊቷ ገና አመድ እንደመሰለ፣ የሚቀጥለውን ሽርሽር መሸጥ ጀምራለች። “ዶን ኤላዲዮ፣ በሚቀጥለው ወር የመጀመሪያ እሁድ የቤተ ክርስቲያኑን መዘምራን አመጣልዎታለሁ። ሰዉ ሁሉ ያንን መታጠፍ ማየት ይፈልጋል። ዶን ቢክቶር ገና ሳንደርስ ለግማሹ ሃቲዮ ደውሎ አውርቷል።”

“ካፒቴን ሌላ ፈልጊ፣ ዶኛ ሶራይዳ።”

“ምነው? ዋጋ ልንጨምር ነው?”

“ዓይኔ አልቋል” አለ ኤላዲዮ። ድምፁን አላወረደም፤ ሰደርያ የሚያወልቀው ሰው ሁሉ ሰማ። “መታጠፍ አልነበረም። ጀልባዋ አልታየችኝም። ልጄ ናት ያዳነቻችሁ። ጀልባዬን ለቼማ አከራየዋለሁ፤ እሱ ያያል።”

ዶን ቢክቶር እርጥብ ካልሲውን በእጁ እንደያዘ ቀረ። አንዲት ሴት አማተበች። ዶኛ ሶራይዳ ዬንድሪን አየች፤ ዬንድሪ ዓይኗን አልሰበረችም። ዝናቡ የአውቶቡሱን ጣራ ይደበድባል። ከዚያ ኤላዲዮ ራሱን ትንሽ ወደ ጎን ዘንበል አድርጎ፣ ሚስቱ እንድትታየው፣ “ለእሁዱ ሁለት ቦታ ያዢልን” አለ። “በተሳፋሪ ዋጋ። ፍሎሪ ከዳር ትቀመጥ፤ ከሞተሩ ራቅ ብላ፤ ዓሣ ነባሪ የሚታይበት።”

“እኔ ባሕር አልወድም” አለች ፍሎሪ። ፀጉሯን እየጨመቀች ነበር።

“ዓመት ሙሉ አብረሽኝ ወጥተሽ?”

“ዓመት ሙሉ አልወደድኩትም። ለእኔ ወንዙን ብቻ ይያዙልኝ፣ ዶኛ ሶራይዳ።”

ዶኛ ሶራይዳ እንባዋን በፎጣው ጠረገች፤ ቢሆንም ነጋዴ ነበረች። “ሁለት በአንድ ነው፣ ዶኛ ፍሎሪ። ግማሹ ለብቻው አይሸጥም።”

ፍሎሪ ጥቂት አሰበች።

“እንግዲያው ከነባሕሩ ይያዙልኝ” አለች። “ጠዋቱን ዓይኔን ጨፍኜ እተኛለሁ።”